በ348,000 ብር የተጀመረ ክስ በ186,570 ብር ሲያልቅ፦ የአንድ የአዳማ ሚኒባስ የጉዳት ካሳ

ዳራው

ተሽከርካሪው ከአዳማ አሰላ የሚመላለስ ኮድ 3 ሚኒባስ ነው። ባለንብረቱ ራሱ አይነዳውም፤ ሾፌርና ረዳት ይዞ፣ በማኅበር ታቅፎ ያሠራዋል። ለመኪናው ሙሉ መድን አልገባም። ያለው ሕጉ የሚያስገድደው የሦስተኛ ወገን መድን ብቻ ነው፤ እሱ ደግሞ ሌላ ሰው ላይ ለሚደርስ ጉዳት እንጂ ለራስ መኪና አይሆንም። ስለዚህ መኪናው ሲጎዳ ካሳ የሚጠይቀው ከገጨው ወገንና ከዚያ ወገን መድን ሰጪ ነው።

ባለጉዳዮቹ እንዳይታወቁ ስም፣ ቀንና ታርጋ ቀርቷል፤ የብር መጠኖቹም ተጠጋግተዋል። የስሌቱ አካሄድና ክርክሩ የተቋጨበት መንገድ ግን እንደነበረ ነው። ጉዳዩ የታየው በአዋጅ ቁጥር 799/2005 የሦስተኛ ወገን መድን ለንብረት ጉዳት የሚከፍለው ጣሪያ 100,000 ብር በነበረበት ጊዜ ነው።

አደጋው

ከጠዋቱ 12 ሰዓት ተኩል ገደማ ሚኒባሱ ተራ ለመያዝ ባዶውን ወደ መናኸሪያ እየሄደ ነበር። በስተቀኝ ካለ መጋዘን ግቢ አንድ ኤፍ ኤስ አር የጭነት መኪና ቅድሚያ ሳይሰጥ ወደ ዋናው መንገድ ወጣ። የሚኒባሱ ሾፌር ፍሬን ቢይዝም አልደረሰም። የቀኝ ፊት ለፊቱ ከጭነት መኪናው አፍንጫ ጋር ተጋጨ፤ ፓራውልቱ፣ የቀኝ ፓራፋንጎው፣ የቀኝ መብራቱ፣ ራዲያተሩ፣ የፊት መስታወቱና የቀኝ በሩ ተጎዱ፣ መሪውም ተያዘ። ሰው ላይ ጉዳት አልደረሰም። ትራፊክ ፖሊስ መጥቶ የአደጋውን ንድፍ አነሣ፣ የጭነት መኪናውን ሾፌር ቅድሚያ ባለመስጠት ቀጣው። ሾፌሩም ቅጣቱን ሳይከራከር ከፈለ።

የመጀመሪያዎቹ ሳምንታት

በኋላ ክሱን ያጸናው ነገር በመጀመሪያዎቹ ሃያ ደቂቃዎች የተደረገ ነው። የሚኒባሱ ሾፌር መኪኖቹ ከመነሣታቸው በፊት ለባለንብረቱ ሊልክ ብሎ 14 ፎቶ አነሣ። አንዱ ከሩቅ የተነሣ ነው፤ የመጋዘኑ በር፣ ወደ መንገዱ የገባው የጭነት መኪና አፍንጫና አስፋልቱ ላይ ያለው የፍሬን ምልክት አብረው ይታያሉ። ሌላው የክሩስኮቱ ፎቶ ነው፦ ቆጣሪው 221,720 ኪሎ ሜትር ላይ ቆሟል። ሾፌሩ ያነሣው የተሰነጠቀውን ክሩስኮት ለማሳየት ነበር፤ ዋጋ ያወጣው ግን ቁጥሩ ነው።

መኪናው 6 ቀን ፖሊስ ግቢ ቆሞ ተለቀቀ። ባለንብረቱ ለጭነት መኪናው መድን ሰጪ በጽሑፍ አስታወቀ፣ የደብዳቤውን ቅጂ ገቢ አስመታ። የኩባንያው ባለሙያ መኪናው ከተለቀቀ በ14ኛው ቀን መጥቶ ጉዳቱን አየ፤ 17 የተጎዱ ዕቃዎችን ዘርዝሮ ሪፖርት አወጣ። እስከዚህ ድረስ ሁሉም በወረቀት ነው።

ከዚያ ነገሩ ወደ ሽምግልና ሄደ። የጭነት መኪናው ባለቤት «እኔው አሠራልሃለሁ፣ ክስ ምን ያደርጋል» አለ። ሽማግሌዎች ተቀመጡ፤ ቃል ተሰጠ፤ አንድም መስመር አልተጻፈም። 19 ቀን በዚህ አለፈ። ቃሉ ሲፈርስ ባለንብረቱ ገንዘብ ለማሰባሰብ ሌላ 19 ቀን ፈጀ። መለዋወጫ ፍለጋው 18 ቀን፣ የቦዲ፣ የሜካኒክና የቀለም ሥራው 21 ቀን ወሰደ። በድምሩ መኪናው 97 ቀን ቆሟል።

የመጀመሪያው ክስ

ክሱ በጭነት መኪናው ሾፌርና ባለቤት ላይ የቀረበው አደጋው በደረሰ በ14ኛው ወር ነው። የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 2143 ከውል ውጪ ለደረሰ ጉዳት የሚቀርብን ክስ በሁለት ዓመት ስለሚገድበው ጊዜው አላለፈም። ይዘቱ ግን ደካማ ነበር። ፍርድ ቤቱ አጠገብ ያለ ራፖር ጸሐፊ ለጥገና 168,000 ብር፣ ለተቋረጠ ገቢ በቀን 1,500 ብር በ120 ቀን አስልቶ 180,000 ብር፣ በድምሩ 348,000 ብር ጻፈ።

ገቢው ላይ ሦስት ስሕተት አለ። 1,500 ብር ከየት እንደመጣ የሚያሳይ ወረቀት የለም፤ የቀረቡት ሁለት የሙያ ጓደኞች ምስክርነት ብቻ ነው። መኪናው የቆመው 97 ቀን ሆኖ 120 ተብሏል። ወጪ አልተቀነሰም፣ መኪናው የማይሠራባቸው ቀኖችም አልወጡም። የዳኝነት ክፍያ የሚታሰበው በተጠየቀው ገንዘብ ልክ ስለሆነ፣ ባለንብረቱ ለማያገኘው ገንዘብ ጭምር ከፍሏል።

ተከሳሹ የጭነት መኪና ባለቤት በመልሱ አራት ነገር አነሣ። ግጭቱ የሁለት ተሽከርካሪዎች ስለሆነ ጉዳቱ ለሁለት ይከፈል፤ ጥገናው አሮጌ ጉዳት ጨምሮ ተጋንኗል፤ ገቢው አልተረጋገጠም፣ የግብር ፋይሉም ያነሰ ያሳያል፤ መድን ሰጪዬም ይግባልኝ። መድን ሰጪው በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 43 ጣልቃ ገብ ሆኖ ገባ። ባለንብረቱ ጠበቃ የያዘው ከዚህ በኋላ ነው። ጠበቃው ክሱን በቁጥር 91 መሠረት አሻሽሎ ወደ 217,780 ብር አወረደው፤ ለጥገና 161,500፣ ለገቢ 56,280 ብር። ባለጉዳይን «ያንተን ቁጥር ልቀንስ ነው» ብሎ ማሳመን ቀላል አይደለም። ይህን ክስ ያዳነው ግን ያ ቅነሳ ነው ብሎ መናገር ይቻላል፤ የተጋነነ ቁጥር ያየ ዳኛ እውነተኛውንም መጠራጠር ይጀምራል።

ጥፋቱን ማስረዳት

ብዙ ባለንብረት «እሱ ነው የገጨኝ፣ ትራፊክም ቀጥቶታል» ብሎ ይህን ክፍል ይዘለዋል። አደገኛ ነው። የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 2084 ሁለት ተሽከርካሪዎች ሲጋጩ ሁለቱም ለአደጋው እኩል ምክንያት እንደሆኑ ይገምታል፤ እያንዳንዱም የጠቅላላውን ጉዳት ግማሽ ይችላል። ይህ ግምት የሚፈርሰው አደጋው በሙሉ ወይም በዋናነት በአንደኛው ሾፌር ጥፋት መድረሱ ሲረጋገጥ ነው። ያ ካልተረጋገጠ ከሳሹ ምንም ያህል ደረሰኝ ቢደረድር ግማሹን ያጣል።

የፖሊሱ ንድፍ የግጭቱን ቦታ በትክክል ቢያሳይም የፍሬን ምልክቱን አላሰፈረም። ተከሳሹ «ሚኒባሱ ሲበር ነበር» ያለው ይህን ክፍተት ይዞ ነው። ፎቶው ላይ ምልክቱ በግልጽ ይታያል፤ ንድፉን ያነሣው የትራፊክ ፖሊስ ቀርቦም 7 ሜትር ገደማ እንደሚሆን፣ ሚኒባሱም መስመሩን እንዳልለቀቀ አስረዳ። እዚህ ላይ ጥንቃቄ ያስፈልጋል። በደረቅ አስፋልት 7 ሜትር ተንሸራትቶ የሚቆም መኪና ፍሬን ሲይዝ ፍጥነቱ በሰዓት 35 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። ይህ መኪና ግን በመንሸራተት ብቻ ሳይሆን በግጭት ስለቆመ ትክክለኛ ፍጥነቱ ከዚያ ይበልጣል። ጠበቃው ቁጥሩን አላጋነነም፤ ምልክቱን ሾፌሩ አደጋውን አይቶ ለማስቀረት መሞከሩን ለማሳየት ብቻ ተጠቀመበት። ከንድፉ፣ ከፎቶውና ከተከፈለው ቅጣት ጋር ተደምሮ በቂ ሆነ፤ ፍርድ ቤቱ ጥፋቱ በሙሉ የጭነት መኪናው ሾፌር ነው አለ። በቁጥር 2081 መሠረት ባለቤቱም ተጠያቂ ሆነ።

አዳማ ላይ የፍርድ ቤቱ የሥራ ቋንቋ አፋን ኦሮሞ ነው። የፖሊሱ ሪፖርትም በአፋን ኦሮሞ ነበር። ከአዲስ አበባ የተገዙት ዕቃዎች ደረሰኞችና የጋራዡ ወረቀቶች ግን በአማርኛ ስለነበሩ ተተርጉመው ቀረቡ። ይህ አስቀድሞ ካልታሰበ አንድ ቀጠሮ ይበላል።

የጥገናው ወጪ

የ168,000 ብሩ ዝርዝር ይህን ይመስላል። ደረሰኝ ያለው መለዋወጫ 92,400 ብር፤ የጋራዥ የእጅ ሥራና ቀለም 38,000፤ መጎተቻ 3,500፤ ደረሰኝ የሌለው መለዋወጫ 21,600፤ የኋላ በር 6,500፤ ሁለት ጎማ 6,000።

የኋላ በሩ ከአደጋው በፊት የተጣመመ ነው። መኪናው ጋራዥ ከገባ አይቀር ተብሎ አብሮ ተሠራ፣ ሒሳቡም አብሮ ገባ። በመድን ሰጪው ባለሙያ 17 ዕቃዎች ዝርዝር ውስጥ የለም፤ የግጭቱም አቅጣጫ ከፊት ነው። ጠበቃው ክሱን ሲያሻሽል ያወጣው ይህንን ነው፤ የጥገናው ጥያቄ 161,500 የሆነውም በዚህ ነው።

ከጥገና በፊት የተሠራው የመድን ሰጪው ሪፖርት የዚህ ክፍል የጀርባ አጥንት ሆኗል። በዝርዝሩ ያለ ዕቃ ላይ ተከሳሹ ብዙም አልተከራከረም፤ የራሱ መድን ሰጪ አይቶታልና። መኪናው ሳይታይ ተጠግኖ ቢሆን ኖሮ ከሳሹ የቀረው ደረሰኝ ብቻ ነበር፤ ደረሰኝ ደግሞ ዕቃ መገዛቱን እንጂ በአደጋው መሰበሩን አያሳይም።

ከደረሰኞቹ አንዱ ለጥቂት ከመውደቅ ተርፏል። 11,200 ብር የተቆረጠበት ሲሆን በዕቃ ዓይነት ቦታው የተጻፈው «የመኪና ዕቃ» ብቻ ነው። ታርጋ የለ፣ የክፍሉ ስም የለ። ተከሳሹ «የሌላ መኪና ሊሆን ይችላል» ሲል መልስ አልነበረም። ሻጩ ከሽያጭ መዝገቡ አይቶ የፊት መስታወትና ፓራውልት መሆኑን በማኅተም አረጋግጦ ጻፈ፤ ያ ባይገኝ ኖሮ ገንዘቡ ይወድቅ ነበር። ዕቃ ሲገዛ ደረሰኙ ላይ የባለንብረቱ ስም፣ የታርጋ ቁጥርና የእያንዳንዱ ክፍል ስም እንዲሰፍር ቆሞ ማስጻፍ ያስፈልጋል። ፕሮፎርማ (ነጋዴ ከሽያጭ በፊት የሚሰጠው የዋጋ ማቅረቢያ) በደረሰኝ ቦታ አይገባም። መኪናው ገና ካልተሠራ የተለያዩ ነጋዴዎች ፕሮፎርማ ዋጋን ለማሳየት ያገለግላል፤ ከተሠራ በኋላ ግን ፍርድ ቤት የሚፈልገው የተከፈለውን ነው።

ደረሰኝ የሌላቸው ሦስት ዕቃዎች ናቸው፦ ራዲያተር 9,000፣ የቀኝ መብራት 5,600፣ የመሪ ክፍል 7,000 ብር። ገበያ ላይ ያገለገለ ዕቃ ሲገዛ ደረሰኝ ማግኘት ይቸግራል፤ ይህ የታወቀ ነው። ባለንብረቱ ግን አንድ ብልህ ነገር አድርጎ ነበር፤ የተፈቱትን አሮጌ ራዲያተርና መብራት ለቁራሌ ሳይሰጥ በማዳበሪያ ከረጢት አስቀምጧቸዋል። ፍርድ ቤቱ የመደበው ባለሙያ የተቀደደውን ራዲያተር ከፎቶው ጋር አስተያየ፣ አዲስ የገባውንም መኪናው ላይ አየ። ለራዲያተሩ 8,500፣ ለመብራቱ 4,500 ብር ገመተ። አሮጌው የመሪ ክፍል ተጥሏል። ባለሙያው መኪናው ላይ ያለው ያገለገለ ዕቃ መሆኑን አይቶ 4,000 ብር ብቻ ሰጠው። ከ21,600 ብሩ 17,000 ተገኘ።

ጎማ ላይ በአደጋው የተቆረጠው አንድ ሲሆን የተገዛው ሁለት ነው። የተቆረጠውም ግማሽ ዕድሜውን ጨርሶ ነበር። የ3,000 ብር ጎማ ግማሹ፣ 1,500 ብር ተፈቀደ። የቁጥር 2091 መሠረቱ ካሳው ከደረሰው ጉዳት ጋር እኩል መሆኑ ነው፤ አሮጌ ጎማ ያጣ ሰው አዲስ አያገኝም።

ለጥገና የተወሰነው በድምሩ 152,400 ብር ሆነ።

የተቋረጠው ገቢ

የመጀመሪያዎቹ ሁለት ምስክሮች ለእውነት ቢናገሩም ክሱን ጎድተውታል። «በቀን እስከ 2,500 ብር ይገባል» አሉ። ሲጠየቁ ትርፍ እየጫኑ እንደሆነ አመኑ። የሚኒባሱ ሕጋዊ ጭነት 11 ተሳፋሪ ነው፤ ከዚያ በላይ በተጫነ ሰው የሚገኝን ገቢ ፍርድ ቤት አስልቶ ካሳ አያደርገውም።

ጠበቃው የተከተለው ሌላ መንገድ ነው። መስመር የሚሠራ ሚኒባስ በየጉዞው ስምሪት ይመዘገባል። ባለንብረቱ መዝገቡን በራሱ ጠይቆ ስላልተሰጠው ፍርድ ቤቱ ከአዳማና ከአሰላ መናኸሪያ እንዲቀርብ አዘዘ። ከአደጋው በፊት በነበሩት ሦስት ወራት ሚኒባሱ ከአዳማ 157፣ ከአሰላ 155፣ በድምሩ 312 ጊዜ ወጥቷል። የሠራባቸው ቀኖች 78 ናቸው። በቀን 4 ጉዞ፣ በወር 26 ቀን ማለት ነው።

ተከሳሹ መዝገቡ ላይ «ማኅበሩ ወዳጁ ነው» የሚል ጥርጣሬ ጣለ። ያን ጊዜ የክሩስኮቱ ፎቶ ጠቀመ። በሾፌሩ በር ላይ የተለጠፈው የዘይት ቅያሪ ካርድ ዘይቱ ከአደጋው 17 የሥራ ቀን በፊት በ216,700 ኪሎ ሜትር መቀየሩን ያሳያል። በአደጋው ጠዋት ቆጣሪው 221,720 ነበር። ልዩነቱ 5,020 ኪሎ ሜትር፣ በቀን 295 ነው። ከአዳማ አሰላ 75 ኪሎ ሜትር ገደማ ስለሆነ አራት ጉዞ 300 ይሆናል። ማንም ለክስ ብሎ ያላዘጋጀው ካርድ ከመዝገቡ ጋር ገጠመ። ከዚህ በኋላ ስለ ጉዞው ብዛት ክርክር አልተነሣም።

ስሌቱ እንዲህ ነው። 11 ተሳፋሪ በ40 ብር ታሪፍ 440 ብር፤ በ4 ጉዞ 1,760 ብር። ከዚህ መኪናው ሲቆም የሚቀሩት ወጪዎች ይቀነሳሉ፦ 30 ሊትር ናፍጣ በ20 ብር 600፣ የሾፌርና የረዳት አበል 300፣ የመናኸሪያና የማኅበር ክፍያ 40፣ ጎማ፣ ዘይትና ሰርቪስ 150። የመጨረሻው ቁጥር በግምት የተቀመጠ አይደለም። አራት ጎማ በ12,000 ብር 50,000 ኪሎ ሜትር ቢሠራ በ300 ኪሎ ሜትር 72 ብር፣ በየ5,000 ኪሎ ሜትሩ የሚቀየር የ900 ብር ዘይትና ፊልትሮ 54 ብር፣ ቀሪው 24 ብር ልዩ ልዩ ጥቃቅን ጥገና ነው። ወጪው 1,090፣ የተጣራው 670 ብር በቀን ይሆናል።

ሁሉም ወጪ አይቀነስም። የዓመቱ መድን፣ የዓመታዊ ምርመራ ክፍያና ግብር መኪናው ቆሞም የሚከፈሉ ናቸው፤ ተከሳሹ ይቀነሱ ብሎ ቢጠይቅም ተቀባይነት አላገኘም። የሾፌሩ አበል የተቀነሰው በሠራበት ቀን ብቻ የሚከፈል ስለነበረ ነው። ወርሐዊ ደመወዝተኛ ቢሆንና መኪናው ቆሞም ቢከፈለው ኖሮ አይቀነስም ነበር።

ግብሩ ከባዱ ክፍል ነበር። ባለንብረቱ ያኔ የደረጃ ሐ ግብር ከፋይ ሆኖ በቁርጥ ይከፍል ነበር፤ በፋይሉ የተገመተው ገቢ ከስሌቱ ያንሳል። ፍርድ ቤቱ ቁርጥ ግብር ግምት መሆኑን፣ የስምሪት መዝገቡ ግን የተፈጸመ ሥራ መዝገብ መሆኑን ገልጾ መዝገቡን መረጠ። ሌላ ችሎት ግብሩን መነሻ ሊያደርግ ይችላል፤ በዚህ ላይ እርግጠኛ ሆኖ ክስ መጀመር ልክ አይደለም። ሌላም መታሰብ ያለበት አለ። በቀን 1,760 ብር በዓመት 549,120 ብር ጠቅላላ ገቢ ነው፤ አዋጅ ቁጥር 979/2008 ያኔ የደረጃ ሐ ወሰን አድርጎ አስቀምጦት ከነበረው 500,000 ብር ያልፋል። በክስ የሚቀርብ የገቢ ስሌት የግብር ጥያቄ ሊያስከትል እንደሚችል ባለጉዳዩ ከመፈረሙ በፊት ማወቅ አለበት።

የቀኖቹ ቆጠራ

በተሻሻለው ክስ 97ቱ ቀን በወር 26 ሲሰላ 84 የሥራ ቀን፣ 56,280 ብር ተጠይቋል። ፍርድ ቤቱ እያንዳንዱን ጊዜ ለየብቻ መረመረ። የፖሊስ ግቢው 6 ቀን በመልቀቂያው ወረቀት፣ የመድን ሰጪው 14 ቀን በደብዳቤውና በሪፖርቱ ቀን ተረጋገጠ። የመለዋወጫው 18 ቀን ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ደረሰኝ፣ የጋራዡ 21 ቀን በመግቢያና መውጫ ወረቀቱ ታየ። እነዚህ 59 ቀን ተያዙ። ገንዘብ ፍለጋው 19 ቀን ጉዳት አድራሹን አይመለከትም ተባለ። የሽምግልናው 19 ቀን ደግሞ ተከሳሹ «ቃል አልገባሁም» ስላለና የሚያስተባብል ጽሑፍ ስላልነበረ ወደቀ። ከሽማግሌዎቹ ሁለቱ ቢመሰክሩም ቀኑን በተመለከተ ተለያዩ።

59 ቀን 51 የሥራ ቀን ይሆናል፤ በ670 ብር 34,170 ብር።

ውሳኔው

በድምሩ 186,570 ብር ተወሰነ። መድን ሰጪው 100,000 ብር፣ ቀሪውን 86,570 ብር ሾፌሩና ባለቤቱ በአንድነትና በነጠላ (ማለትም ሙሉው ከሁለቱ ከአንዱም ሊጠየቅ በሚችልበት መንገድ) እንዲከፍሉ ተባለ፤ ከፍርዱ ቀን ጀምሮም 9 በመቶ ወለድ ተጨመረ። መድን ሰጪው ጣሪያው የንብረት ጉዳትን እንጂ የተቋረጠ ገቢን አይሸፍንም ብሎ ተከራክሮ ነበር። ጥገናው ብቻውን ከጣሪያው ስላለፈ ነጥቡ ውሳኔ አላስፈለገውም። መድን ሰጪው ወዲያው ከፈለ፤ ቀሪው በአፈጻጸም መዝገብ በየወሩ ተከፍሎ አለቀ።

ለሌላ ጉዳይ የሚተርፈው

ይህ ስሌት ለባጃጅም፣ ለጭነት መኪናም ይሠራል፤ የሚለወጠው መዝገቡ ነው። ለአይሱዙ የስምሪት መዝገቡን ቦታ የጭነት ማዘዣና የኬላ ወረቀቶች ይይዛሉ። ለባጃጅ መዝገብ አይገኝም፤ ባለንብረቱ ከሾፌሩ የሚቀበለው የቀን ገቢ የተጻፈበት ደብተር ወይም የባንክ ማስገቢያ ወረቀት ብቻ ይቀራል። ትክክለኛው መጠን ሊታወቅ ካልቻለ የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 2102 ዳኛው በርትዕ፣ ማለትም ፍትሐዊ በመሰለው ግምት፣ እንዲወስን ይፈቅድለታል። ይህ ግን ማስረጃ እያለ ላልሰበሰበ ሰው መሸሸጊያ አይሆንም።

ከሁሉም የሚያስቆጨው የሽምግልናው 19 ቀን ነው። በሥራ ቀን 16፣ በብር 10,720 ነበር። ሽምግልናውን መተው አያስፈልግም ነበር፤ ብዙ ግጭት በዚያ ያልቃል፣ ቢያልቅም ጥሩ ነው። የጎደለው ሽማግሌዎቹ በተቀመጡበት ቀን የሚጻፍ አንድ አንቀጽ ነው፦ «እኔ የዚህ ታርጋ ባለቤት ሚኒባሱን ከዛሬ ጀምሮ በ15 ቀን ውስጥ በራሴ ወጪ አሠራለሁ። ካላሠራሁ መኪናው ስምምነቱን ስንጠባበቅ የቆመበትም ጊዜ በካሳው ይታሰባል።» ከሥሩ ቀን፣ የሁለቱ ወገኖች ፊርማና የሦስት ሽማግሌዎች ስም።